በጨው ተራራ ውስጥ ከአቶ ሳና ጋር

ከውጭ አገር ከተመለስኩ ወዲህ ሶዶ ላይ ያገኘኝ ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ ስለ ፎቁና ስለ በረዶው ነው። ፎቁን አይቻለሁ፤ ረጅም ነው። በረዶውንም ከሩቅ፣ ተራራ ራስ ላይ አይቻለሁ፤ እኛ በሄድንበት ወር ገና ወደ ሜዳው አልወረደም ነበር። አፌን አስከፍቶ ያስቀረኝ ግን ከመሬት በታች ያየሁት ነገር ነው። እሱን ደግሞ ገበያ መሐል ቆሞ ማውራት አይቻልም፤ ብጀምረውም የሚያምነኝ የለም። ስለዚህ ከመነሻው ጀምሬ፣ ቀን በቀን፣ እንደሆነው አድርጌ ጽፌዋለሁ።

የሄድነው ሁለት ሰዎች ነን። አንዱ እኔ ማርቆስ፣ የሶዶ አስተማሪ፤ ከፍታ የምፈራ፣ ጨለማም የማልወድ ሰው ነኝ። ሁለተኛው አቶ ሳና ናቸው፤ ትውልዳቸው ሁምቦ፣ ኑሯቸው ሶዶ፣ የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ። ኦስትሪያ በሚባል አገር ያሉ አማኞች ለአንድ ጉባኤ ጋበዟቸውና፣ እንግሊዝኛ ስለምችል አስተርጓሚ ሆኜ ተከተልኳቸው። እኔ የምጠራቸው "አዋ" እያልኩ ነው፤ በወላይትኛ አባት ማለት ነው። እርስ በርሳችን የተነጋገርነውም ሁሉ በወላይትኛ ስለነበር፣ እዚህ ወደ አማርኛ የመለስኩት እኔ ነኝ።

ከመነሳታችን በፊት አንድ ነገር ልንገራችሁ። አቶ ሳና ጨው አይበሉም። ሶዶ ውስጥ ይህን የማያውቅ የለም፤ ሠርግ ሲጠሩ ለእሳቸው ትንሽ ድስት ለብቻ ይጣዳል። በቤታቸውም ጨው የሚባል ነገር አይገባም። ልጆቻቸው ትንንሾች ሳሉ እየሾለኩ እኛ ቤት ይመጡና ወጥ ሲልሱ እንደሚውሉ እናቴ እየሳቀች ታወራ ነበር። ምክንያቱን ግን በትክክል የሚያውቅ አልነበረም። አንዱ ጨጓራ ነው ይላል፤ ሌላው የድሮ ባለመድኃኒት ከልክሏቸው ነው ይላል። ባለቤታቸው እማማ አልታዬ እንኳ የሚያውቁት ባላቸው "እናቴ ያዘዘችኝ ነው" ማለታቸውን ብቻ ነው። ይህን ሰምተው፣ ከጎጆ መውጫቸው ጀምሮ እስኪያረጁ ድረስ ያለ ጨው ሲያበስሉ ኖረዋል።

ሰኞ ጠዋት ከሶዶ ተነሳን። የወላይታ ዘመን መለወጫ ጊፋታ አልፎ፣ አዲሱ ዓመት ገብቶ፣ የመንገዱ ጭቃ መድረቅ የጀመረበት ጊዜ ነበር። እማማ አልታዬ ለመንገድ የበቆሎ ቂጣ፣ ቆሎና አንድ ጠርሙስ ሙሉ ዳጣ ቋጥረው ሰጡን። ዳጣ ሳይቀርብ ወላይታ በላሁ አይልም፤ ቃሪያው፣ ነጭ ሽንኩርቱና ዝንጅብሉ ተፈጭቶ ውሎ ሲያድር ሽታው ብቻ ያስርባል። የእሳቸው ዳጣ እንግዲህ ጨው የለውም። አውቶቡሱ እስከ ብላቴ ወንዝ ድረስ ደህና ሄደ፤ ከወንዙ ማዶ ግን ጎማው ፈነዳና ፀሐይ ላይ ተሰጣን። አቶ ሳና ከግራር ሥር ተቀምጠው ለተሳፋሪው ሁሉ ቆሎ ዘገኑለት። ያንን ሳይ፣ ለአውሮፓ የታሰበው ስንቅ ብላቴ ላይ ማለቁ ነው ብዬ ሆዴ ውስጥ አጉረመረምኩ።

ሻሸመኔ ስንደርስ አቧራው ሁለታችንንም አንድ መልክ አድርጎን ነበር። ያደርንበት ሆቴል ባለቤት ደግ ሴት ነበሩ፤ እኔ ግን አበላሸሁት። "ለእኚህ ሰው ጨው የሌለበት ይሥሩልን" ስላቸው፣ የሆቴላቸውን ወጥ ጨው በዛበት ብሎ ሰው ያማባቸው መሰላቸውና ፊታቸው ጠቆረ። ነገሩን ለማስረዳት ብዙ ደከምኩ። በመጨረሻ ራሳቸው ጓዳ ገብተው እንቁላል በቅቤ ጠብሰው አመጡና አቶ ሳና በልተው እስኪጨርሱ ከጎናቸው ቁጭ ብለው ጠበቁ። ያን ቀን ለራሴ ቃል ገባሁ፤ ከእንግዲህ ስለ ጨው ለማንም አልናገርም። ይህ ቃሌ ኋላ ምን እንዳመጣ ታያላችሁ።

ማክሰኞ አዲስ አበባ ገባን፤ ረቡዕ ቀኑን ሙሉ ለወረቀትና ለልብስ ስንሮጥ ዋልን። መርካቶ ውስጥ ለአቶ ሳና ካፖርት ስንፈልግ ያገኘነው ጉራጌ ልብስ ሻጭ ከሶዶ መምጣታችንን ሲሰማ ወንድሙ እዚያው ሶዶ ሱቅ እንዳለው ነገረን። የወንድሙን ደህንነት ስንነግረው ካፖርቱን ወስዶ እጅጌውን በአቶ ሳና ልክ አሳጠረው። ሻይ አስመጥቶ እስክንጠጣም አልለቀቀንም። ካፖርቱ ከባድና ጥቁር ነበር፤ አቶ ሳና ለብሰውት ሲወጡ ሰው ሁሉ ዳኛ መስለውት መንገድ ይለቅላቸው ጀመር።

ሐሙስ በአውሮፕላን ተሳፈርን። እኔ ከመነሻው እስከ መውረጃው ወንበሬን ጨብጬ ነበር። አቶ ሳና ግን በመስኮቱ ወደ ታች እያዩ ደመናውን አደነቁ፤ ሶዶ ራስጌ ባለው ተራራ፣ በዳሞታ ላይ የሚያርፈውን ጉም ከላይ ሆኖ የሚያየው አምላክ ብቻ ይመስለኝ ነበር አሉኝ። ከዚያ ጉድ መጣ። ከፍ እያልን ስንሄድ የዳጣው ጠርሙስ ክዳን እንደ ጥይት ጮኾ ተፈናጠረና አረንጓዴው ዳጣ ከፊታችን በተቀመጠው ፈረንጅ ትከሻ ላይ ፈሰሰ። ሰውየው በጣቱ ነካ አድርጎ ቀመሰው፤ ዓይኑ እንባ ሞላ፤ ከዚያ ሳቀ። እስክንወርድ ድረስ የቀረውን በዳቦ እየጠቀሰ አብሮን በላ። ምግቡ በሳህን ሲቀርብ ከጎኑ ትንሽ የወረቀት ጥቅል ነበረች። አቶ ሳና አንስተው ምን እንደሆነች ጠየቁኝ። ጨው ናት አልኳቸው። መዳፋቸው ላይ አድርገው ብዙ ጊዜ አዩዋት፤ ከዚያ ቀስ አድርገው መልሰው አስቀመጧት።

ዓርብ ዕለት ጀርመን አገር ወርደን በባቡር ወደ ኦስትሪያ ተሻገርን። ከመስኮቱ ውጭ ተራራው፣ ተራራው ላይ ጫካው፣ ከጫካው ሥር ሜዳው ያልፋል። ላሞቹ ወፍራሞች ናቸው፤ አንገታቸው ላይ ቃጭል አለ፤ ሻኛ ግን የላቸውም። አቶ ሳና ግጦሹን ወደዱት። ያሳዘናቸው ከላሞቹ ጋር ሰው አለመኖሩ ነው፤ ቀኑን ሙሉ የሚያነጋግራቸው ሳያገኙ እንዴት ይውላሉ አሉ። እኔም ብፈልግ እረኛ አላየሁም።

ያረፍንባቸው ወይዘሮ ግሬታ ባላቸው የሞተባቸው፣ ከማስተማር ሥራ ጡረታ የወጡ ሴት ናቸው። እንግሊዝኛ ስለሚችሉ ከእኔ ጋር ቶሎ ተግባባን። ቤታቸው ከእንጨት የተሠራ፣ መስኮቱ በአበባ የተሞላ ነው። ለየአልጋችን ላባ የተሞላ ወፍራም ነገር አንጥፈውልን ነበር፤ አቶ ሳና ፍራሽ መስሏቸው ላዩ ላይ ተኝተው ሲንቀጠቀጡ አደሩ። ጠዋት ወይዘሮ ግሬታ አዩና ሳቃቸውን እየዋጡ፣ እንዴት ከላይ እንደሚለበስ በራሳቸው ላይ ደርበው አሳዩን። በማግሥቱ ፀሐይ ወጥቶ ቁርስ እስኪቀርብ አቶ ሳና ከዚያ ላባ ውስጥ አልወጡም።

በዚያ አገር ድንች ከነልጣጩ ይቀቀልና ጨው በትንሽ ዕቃ ለብቻ ይቀርባል፤ ሁሉም በልኩ ይጨምራል። ለእኛ የተመቸ ነገር ነበር። ሻሸመኔ ላይ በገባሁት ቃል መሠረት እኔ ምንም አልተናገርኩም። አቶ ሳናም ድንቹን፣ እንቁላሉን፣ ወተቱን እየበሉ ሰነበቱ። ብቻ በየገበታው አንድ ነገር ያደርጉ ነበር፤ ጨው የያዘውን ዕቃ በሁለት እጃቸው ያነሳሉ፣ ውስጡን ያያሉ፣ ከዚያ ለቀጣዩ ሰው ያሳልፋሉ። እኔ ልብ አላልኩትም፤ ወይዘሮ ግሬታ ግን ልብ ብለው ኖሯል።

ጉባኤው ማክሰኞ አለቀ። ረቡዕ ተርፎን ነበርና ወይዘሮ ግሬታ የት እንደሚወስዱን ሳይነግሩን በጠዋት ይዘውን ወጡ። እንደ ልጅ ደስ ብሏቸው ነበር። በአውቶቡስ ወደ አንድ ተራራ ሥር ደረስን፤ ቁመቱ እንደ ዳሞታ፣ ከላይ እስከ ታች በጥድ የተሸፈነ ነው። ከተራራው ሥር በር አለ። ከበሩ አጠገብ ባለው ቤት ውስጥ ነጭ ቱታ ከልብሳችን በላይ አለበሱን፤ ከመቀመጫችን ላይ ደግሞ ቁርበት አሰሩልን። አቶ ሳና ራሳቸውን አይተው ሁለተኛ ልጠመቅ ነው ወይ አሉኝ፤ ሳቅን።

ያን ጊዜ ወይዘሮ ግሬታ ምሥጢራቸውን ገለጡ። ይህ ተራራ ውስጡ ጨው ነው፤ ሰዎች ከክርስቶስ ልደት በፊት ጀምሮ ሲቆፍሩት ኖረዋል፤ ዛሬ እንግዶች በመሪ ይጎበኙታል። አቶ ሳና በየገበታው ጨው ሲያነሱ ወይዘሮ ግሬታ አክብሮታቸውን አይተው፣ የራሳቸው የግሬታ አባት ያደርጉት እንደነበረው ጨውን የሚያከብሩ ሰው መሆናቸውን ተረድተው፣ ይህን ስጦታ አሰቡላቸው። ይህን ሲነግሩኝ ፊታቸው ይበራ ነበር።

እኔ ሻሸመኔ ላይ የገባሁት ቃል ያመጣውን አየሁ። ግን አስተርጓሚ ነኝና ተረጎምኩ። "አዋ፣ የዚህ ተራራ ውስጡ ጨው ነው ይላሉ።"

አቶ ሳና ወደ በሩ አዩ። ከዚያ ወደ ወይዘሮ ግሬታ አዩ። ካልፈለጉ እዚሁ እንቀራለን፣ አሞናል እላለሁ አልኳቸው። አንገታቸው ላይ የነበረውን ነጠላ ፈትተው አፍና አፍንጫቸውን ጥብቅ አድርገው ጠመጠሙ። ከዓይናቸው በቀር የሚታይ አልነበረም። "እንግባ" አሉኝ ከነጠላው ውስጥ።

መሪያችን የማዕድን ሠራተኛ ነበር፤ ጎልማሳ፣ ሪዙ ሸበት ያለበት፣ አባቱም አያቱም እዚያው ተራራ ውስጥ የሠሩ። እሱ የሚያውቀው ጀርመንኛ ብቻ ነው፤ ወይዘሮ ግሬታ ወደ እንግሊዝኛ፣ እኔ ወደ ወላይትኛ እየመለስን አንድ ቃል ሦስት ቤት ዞሮ አቶ ሳና ጋ ይደርሳል። በቅሎ ላይ እንደሚወጣ ሰው እግርን ግራና ቀኝ አንፈራጥጠው የሚቀመጡበት ረጅም አግዳሚ በሐዲድ ላይ ቆሞ ነበር። ተቀመጥንበት፤ ተነቃነቀ፤ የቀኑ ብርሃን ከኋላችን ጠብቦ ጠብቦ ጠፋ። ቀዝቃዛ ነፋስ ፊታችንን መታን። ግድግዳው ከትከሻዬ አንድ ስንዝር አይርቅም። ዓይኔን ጨፍኜ በልቤ የማውቀውን መዝሙር ሁሉ ዘመርኩ።

ዓይኔን ስገልጥ አዳራሽ ውስጥ ነን። ቤተ ክርስቲያናችን ከነጣሪያዋ ገብታ ትቆምበታለች። ጨው ነጭ ይመስለኝ ነበር። ይህ ግን ቀይ ነው፣ ግራጫ ነው፣ መሐል መሐሉን ነጭ እየገባበት ልክ ጮማ እንዳለው ሥጋ የተዥጎረጎረ ነው። መሪው መብራቱን ወደ ጣሪያው ሲያነሳ ድንጋዩ ሁሉ በአንድ ጊዜ አብለጨለጨ። የሰው እጅ ይህን ያህል ሊቆፍር መቻሉን፣ ምድርም ይህን ያህል ሀብት ሆዷ ውስጥ ሸሽጋ ዝም ማለቷን እያሰብኩ አንገቴን እስኪያመኝ ወደ ላይ አየሁ። እኛ አገር አንድ አሞሌ ከሰሜን በረሃ ተነስቶ፣ በግመልና በአህያ፣ ከእጅ ወደ እጅ እየተሸረፈ ነበር የሚደርሰን። እዚህ ግድግዳው ጨው፣ ወለሉ ጨው፣ ጣሪያው ጨው ነው።

መሪው አሠራሩን አስረዳን። አሁን በዶማ አይቆፍሩትም፤ ጉድጓዱን ውኃ ይሞሉታል፤ ውኃው ጨዉን እየበላ ይጠግባል፤ የጠገበውን በቧንቧ ወደ ታች ከተማ አውርደው ያፈሉታል። ይህን ሲያወራ ከንፈሬን ላስ አደረግሁ፤ ጨው ጨው ይላል። ምንም ሳልነካ ከአየሩ ብቻ መጥቶብኝ ነው። አቶ ሳና ነጠላቸውን ለምን እንዳጠበቁ ያን ጊዜ ገባኝ። ተራራውን የሚያህል ጨው መሐል ቆመው፣ አንዲት ቅንጣት እንኳ ከንፈራቸውን እንዳታልፍ ይጠነቀቁ ነበር።

ከዚያ ወደ ታች መውረድ መጣ። ደረጃ የለም። ሁለት የተላጉ ረጃጅም ግንዶች ጎን ለጎን ቁልቁል ወደ ጨለማው ተዘርግተዋል፤ ሰው እዚያ ላይ ተቀምጦ ይንሸራተታል። ቁርበቱ የታሰረልን ለዚህ ነው። መሪው ከፊት፣ እኔ ከእሱ ኋላ፣ አቶ ሳና ከእኔ ኋላ፣ ወይዘሮ ግሬታ መጨረሻ ሆነን፣ አንዱ ሌላውን አቅፎ ተቀመጥን። አልችልም ልል አፌን ስከፍት መሪው ለቀቀው። ነፋሱ ያፏጫል፤ የአቶ ሳና ክንዶች አንገቴን ጠምጥመዋል፤ ጉንጫቸው ጀርባዬ ላይ ተለጥፏል።

ታች ስንደርስ ሁሉም ተነሱ። አቶ ሳና ግን አለቀቁኝም። የደነገጡ መስሎኝ "አዋ፣ ደርሰናል" አልኳቸው። "ጀርባዋ እንዲህ ነበር" አሉ። የማን ስላቸው ክንዳቸውን ፈትተው ተነሱ።

ቀጥሎ ሐይቅ አገኘን፤ ከመሬት በታች ሐይቅ። ውኃው አይንቀሳቀስም። ዳር ዳሩ ላይ የተሰቀሉት መብራቶች ከነመልካቸው ውኃው ውስጥ ይታያሉ፤ የቱ ላይኛው፣ የቱ ታችኛው እንደሆነ አይለይም። መሪው ዝም እንድንል ጠየቀን፤ በጠፍጣፋ ጀልባ ላይ ቆመን ያለ ቀዘፋ ድምፅ ተሻገርን። የእኛን የአባያን ሐይቅ በጀልባ ያየ ሰው ማዕበልና አዞ ይጠብቃል። እዚህ ግን አሳ እንኳ አይኖርም፤ ጨዉ አያኖረውም። እኔ ጨለማ የምፈራው ሰው ፍርሃቴ ሁሉ ሄዶ እንዲያ እንደቆምኩ ብቀር ደስ ባለኝ።

ከሐይቁ ማዶ በግድግዳው ውስጥ ሰው የሚያህል ጎድጓዳ ቦታ አለ። መሪው እዚያ ቆሞ ኮፍያውን አወለቀ። በድሮ ዘመን የሠራተኞቹ አያት ቅድመ አያቶች ሲቆፍሩ እዚያ ቦታ ላይ በጨው ውስጥ ሰው አገኙ። ጥንት፣ ታሪክ ከማያውቀው ዘመን፣ ሲቆፍር ተንዶበት የሞተ ሰው ነው። ጨዉ ጠብቆት ጢሙም፣ ልብሱም፣ ጫማውም እንዳለ ነበር። ወደ ከተማ አውርደው ለሰው አሳዩት፤ ከዚያ ቀበሩት።

አቶ ሳና ስሙን ማን እንደሚሉት አስጠየቁኝ። ስሙን የሚያውቅ የለም አለ መሪው። ማን አለቀሰለት ብለው ደግመው አስጠየቁ። መሪው ይህን የሚጠይቀው ሰው አጋጥሞት እንደማያውቅ ያስታውቅ ነበር። አስቦ ሲመልስ የእነሱን ልማድ ነገረን፤ ከዚህ ተራራ ሳይወጡ የቀሩትን ሠራተኞች ስም በዓመት አንድ ቀን መብራት ከፍ አድርገው ይጠራሉ። እዚህ ቦታ ሲደርሱ የሚጠሩት ስም ስለሌላቸው መብራቱን ብቻ አንስተው ዝም ይላሉ።

አቶ ሳና ነጠላውን ከአፋቸው ላይ ፈቱ። ቀስ ብለው፣ እኔ እንድተረጉም በየመሐሉ እያቆሙ ተናገሩ።

"እህት ነበረችኝ። ባሎቴ ነው ስሟ። አዝላ ያሳደገችኝ እሷ ናት። ፊቷን አላስታውሰውም፤ የማስታውሰው ጀርባዋን ነው። ውኃ ልትቀዳ ወርዳ ባሪያ ፈንጋዮች ወሰዷት። አባቴ ከገበያ ገበያ እየጠየቀ ኦሞን ተሻግሮ ተከተላት። እዚያ ሲደርስ በጨው ተለውጣ አልፋለች አሉት። በጨው። እናቴ ይህን ስትሰማ ቤት ያለውን ጨው አውጥታ ደጅ ደፋችው። ባሎቴ እስክትመለስ በዚህ ቤት ጨው አይቀመስም አለች። እናቴም ሞተች፣ አባቴም፣ ወንድሞቼም። የቀረሁት እኔ ነኝ።"

ሶዶ ውስጥ ስንት ዓመት ጨጓራ ነው ስንል ኖረናል። እንደምንም ቃሉን በእንግሊዝኛ አወጣሁት፤ ወይዘሮ ግሬታ ግማሹን ለመሪው ከነገሩት በኋላ አፋቸውን በእጃቸው ያዙ። የቀረውን በምልክትም በምንም ጨረስነው። መሪው ስሟን ድገሙልኝ አለ። አቶ ሳና ደገሙለት። እሱ መብራቱን ከራሱ በላይ አነሳና፣ ለአፉ በማይመቸው ቋንቋችን፣ ጮክ ብሎ "ባሎቴ" አለ። ዋሻው ተቀብሎ እየደጋገመ ወደ ሐይቁ ወሰደው። ከዚህ ዓመት ጀምሮ እዚህ ስንደርስ የምንጠራው ስም አለን አለ።

ወይዘሮ ግሬታ አለቀሱ። ደስ ላሰኝዎ ብዬ ቁስልዎ ላይ አመጣሁዎት በልልኝ አሉኝ። አቶ ሳና እጃቸውን ያዟቸው። "ስሟን ጮክ ብሎ የጠራት ሰው አልነበረም" አሉ። "እዚህ ባያመጡኝ እኔም አልጠራትም ነበር።"

ስንወጣ ቀኑ እንዳለ ነው፤ ፀሐዩ ዓይናችንን ወጋው። መሪው እንደ ልማዱ ለየአንዳንዳችን እንቁላል የምታክል ጥሬ ጨው ሰጠን። አቶ ሳና የእሳቸውን ተቀብለው የነጠላቸው ጫፍ ላይ ቋጠሩት። ከዚያ ከንፈራቸውን በእጃቸው ጀርባ ጠረጉ። ገና አልቀመሱም ነበር።

ሐሙስ ተሰናበትን። ወይዘሮ ግሬታ ጣቢያ ድረስ ሸኙን፤ ለመንገድ የሰጡን ድንች ያለ ጨው ተቀቅሎ በጨርቅ ተጠቅልሎ ነበር። አውሮፕላኑ ውስጥ አቶ ሳና ያቺን የወረቀት ጥቅል አላነሷትም። የነጠላቸውን ቋጠሮ በጣታቸው ብዙ ሰዓት ሲዳስሱ ቆዩ። በረሃውን ስናቋርጥ ወደ እኔ ዞረው ያሰቡትን ነገሩኝ። እናታቸው ጨው ብቻ አልከለከሉም፤ ልቅሶም ከልክለው ነበር፤ ላልሞተ ሰው አይለቀስም ብለው። ስለዚህ ለባሎቴ አንድ ቀን እንኳ ሳይለቀስላት ቀረ። "እሷን የሚያውቃት የቀረሁት እኔ ነኝ" አሉኝ። "እየጠበቅኳት ከሞትኩ ያለ ልቅሶ ትቀራለች። ጨው ከቀመስኩ ደግሞ አትመጣም ማለቴ ነው። የቱን ላድርግላት ማርቆስ?" በዕድሜ ልጃቸው የምሆን ሰው ነኝ፤ አላውቅም አዋ አልኳቸው።

ሶዶ በገባን በሳምንቱ አቶ ሳና ድንኳን አስተከሉ። ሰው ሁሉ ደነገጠ፤ ማን ሞተ? እህቴ አሉ። መቼ? አላውቅም አሉ። ሰዉ ግራ ቢጋባም መጣ፤ ከሁምቦም፣ ከዱቦም፣ ከተማው ውስጥ ካሉት ነጋዴዎችም። አቶ ሳና ቆመው ለእኔ የነገሩኝን ተናገሩ። ሲጨርሱ ከሽማግሌዎቹ መሐል አንዱ ተነሳና በእኛም ቤት እንዲህ ሆና የቀረች አለች ብሎ ስም ጠራ። ሌላም ተነሳ። ሴቶቹ ስሞቹን እየተቀበሉ በዜማ አለቀሱ። እስኪመሽ ድረስ ከባሎቴ ሌላ ስንት ስም እንደተጠራ፣ እኔ መቁጠር አልፈለግሁም።

ልቅሶው ሲያልቅ ለቅርብ ሰዎች ምግብ ቀረበ። ቦዬ የሚባለው የአገራችን ሥራሥር፣ ጎመን፣ ሥጋ፣ ከጎኑ ዳጣ። አቶ ሳና የነጠላቸውን ቋጠሮ ፈትተው ያንን ጨው ለእማማ አልታዬ ሰጥተዋቸው ነበር፤ እሳቸውም ወቅጠው ወጡም ውስጥ ዳጣውም ውስጥ ጨምረውታል። ምስኪን፣ ጎጆ ከወጡ ጀምሮ ጨው ይዘው የማያውቁ እጆች ናቸው፤ ልኩን ከየት ያምጡት? የመጀመሪያውን ጉርሻ ስጎርስ ምላሴ ተኮማተረ። ዙሪያውን አየሁ፤ ሁሉም ጎርሷል፣ ሁሉም ያላምጣል፣ ማንም ውኃ አልጠየቀም። እማማ አልታዬ ከጓዳው በር ቆመው ዓይን ዓይናችንን ያያሉ።

አቶ ሳና ጎረሱ። አላመጡ፣ ዋጡ። ከዚያ ወደ እኔ ጠጋ ብለው፣ ሌላ ሰው በማይሰማው ድምፅ ጠየቁኝ።

"ማርቆስ፣ ጨው ሁልጊዜም እንዲህ ነው?"

"አዎ አዋ" አልኳቸው። "እንዲህ ነው።"

ራሳቸውን ነቀነቁና እጃቸውን ደግመው ወደ ገበታው ሰደዱ።